ከጭሱ በፊት ያየሁት

ይህን የምጽፈው በዳባትና በደባርቅ በኩል ሄዳችሁ ለማታውቁ፣ ምናልባትም ፈጽሞ ለማትሄዱ ነው። የስሜንን ተራራ የሚያሞግስ ጽሑፍ ሞልቷል፤ ከእኔ አትጠብቁ። ተራራውን ያየሁት ከሩቅ ነው፤ ዋልያ የሚባል በዓይኔ አላየሁም። የሄድኩት ለሥራ ነበር፤ የተመለስኩት ሥራዬን ተጠራጥሬ ነው።

ሥራዬ ማስተማር ነው። በወጣትነቴ ጥቂት ዓመት ዐቃቤ ሕግ ሆኜ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ፀጉሬ እስኪሸብት የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግ ሳስተምር ኖሬአለሁ። ሰው እንዴት ይያዛል፣ እንዴት ይጠየቃል፣ ምስክር እንዴት ይሰማል፤ እንጀራዬ ይኸው ነው። ተማሪዎቼ በሌለሁበት «ጋሽ አርባ ስምንት» ይሉኛል፤ የተያዘ ሰው በአርባ ስምንት ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቅረብ እያልኩ ስለማሰለቻቸው ነው። ባለቤቴ እንኳ ምሳ ዘገየ ብዬ ሳጉረመርም በዚሁ ስም ትጠራኛለች።

የመንደሩን ስም አልጽፍም፤ የሰዎቹንም ስም ቀይሬአለሁ። ምክንያቱ ወደ መጨረሻው ግልጽ ይሆናል።

ሰኞ

ጎንደር አውሮፕላን ማረፊያ የተቀበለችኝ ትርንጎ ናት። የቀድሞ ተማሪዬ ነች፤ አሁን ደባርቅ ላይ ዳኛ ሆናለች። ለአካባቢው ዳኞችና መርማሪ ፖሊሶች ስለ ምስክር አሰማም እንዳሠለጥን የጠራችኝም እሷ ናት። ክፍል ውስጥ ከኋላ ተቀምጣ የምትጽፍ፣ እጇን የማታወጣ ልጅ ነበረች። አሁን ግን የሚኒባሱን ረዳት አንዴ ብታየው ጋቢና የነበረውን ሻንጣ ሁሉ ጣሪያ ላይ ጭኖ ቦታውን ለእኔ ለቀቀ።

ከከተማው ወጥተን ወገራን ስንይዝ ተሳፋሪው ወሬ ቀነሰ። መንገዱ የተከፈተው በቅርቡ ነው፤ መቼ እንደሚዘጋም የሚያውቅ የለም። ኬላ በደረስን ቁጥር ሾፌሩ ዘፈኑን ያጠፋል፣ ሁላችን ወርደን መታወቂያ እናሳያለን። አንዱ ኬላ ላይ የቆመ ጎረምሳ ሻንጣዬን አስከፍቶ ወፍራሙን መጽሐፍ አወጣና ምን እንደሆነ ጠየቀኝ። የሥነ ሥርዓት ሕግ ነው አልኩት። ገለጥ ገለጥ አደረገና ሥነ ሥርዓት ጥሩ ነው ብሎ መለሰልኝ። ከተሳፋሪው ማንም አልሳቀም፤ እኔም የሳቅኩት ደባርቅ ገብቼ የክፍሌን በር ከዘጋሁ በኋላ ነው።

ጉለሌ ያደግሁ ሰው ነኝና ብርድ አውቃለሁ ባይ ነበርኩ። የደባርቅ ብርድ ግን የእንጦጦውን እንደ ቀልድ ያስቆጥራል፤ ጫማ ውስጥ ገብቶ ነው የሚጠብቅህ። የሆቴሉ ቧንቧ ውሃ የለውም። የሆቴሉ ባለቤት፣ ወፈር ያሉ ደግ ሴትዮ፣ የሞቀ ውሃ በባልዲ አስመጥተው፣ ሌላ ብርድ ልብስ ደርበውልኝ፣ ለእንግዳ ይከብዳል፣ ለእኛም አልቀለለን አሉኝ።

ማክሰኞና ረቡዕ

ሠልጣኞቹ በኮታቸው ላይ ጋቢ ደርበው ነው የተቀመጡት። አዲስ አበባ ቢሆን ይህን ያህል ሰው አዳራሽ ውስጥ ለማቆየት ሻይና ኬክ ይፈጅ ነበር፤ እነዚህ ግን ከወንበራቸው ንቅንቅ አላሉም። ዓመቱን ሙሉ የማስተምረውን አስተማርኳቸው፦ ምስክር ያየውን ይናገራል፤ የመሰለውን አይናገርም። ያየውም እውነት መሆኑ የሚታወቀው ሌላው ወገን ፊት ለፊት ሲጠይቀው ነው።

በሁለተኛው ቀን አንድ መርማሪ ፖሊስ ስለ አውጫጭኝ ጠየቀኝ። ለማታውቁት፣ አውጫጭኝ የቆየ ያገር ወግ ነው። ሌባው ወይም አቃጣዩ ያልታወቀ እንደሆነ የመንደሩ ሰው በሙሉ አንድ ሜዳ ላይ ይሰበሰባል። ነገሩ ሳይወጣ ማንም ንቅንቅ አይልም። አንድ በአንድ እየተነሣ የጠረጠረውን ለሽማግሎቹ በጆሯቸው ያንሾካሽካል፤ ማን ነገረህ ሲባል ወፍ ነገረችኝ ይላል። የወፏን ማንነት የሚጠይቅ የለም። ወፍ የበዛበት ሰው ይከፍላል፤ እምቢ ካለ ከመንደሩ ይገለላል፤ እሳት አይሰጡትም፣ ቤቱ ሰው ቢሞት አይቀብሩለትም።

ይህን ነገር በጽሑፍም በንግግርም ስቃወም ነው የኖርኩት። ለመርማሪውም ባጭሩ ወፍ መስቀለኛ ጥያቄ አትጠየቅም አልኩት። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ትርንጎ ብቻ አልሳቀችም። ማታ ራት ላይ ምነው ብላት፣ በአባቷ መንደር ዛሬም እንደሚደረግ፣ መርማሪውም የጠየቀኝ ፖሊስ የማይደርስበት ቦታ ስለሆነ መሆኑን ነገረችኝ። ወዲያው አያይዛ አርብ የገብርኤል በዓል ነውና አባቷ ዘንድ ሄጄ እንድውል ጋበዘችኝ።

ሐሙስ

እስከ ዳባት በሚኒባስ፣ ከዳባት ወዲያ በእግር ሄድን። ቁልቁለቱ ላይ የጫማዬ ሶል አፉን ከፈተ። ሰው ሁሉ ለበዓል ከገበያ ሲመለስ ፕሮፌሰሩ ጫማውን በእጁ ይዞ በካልሲ ድንጋይ ለድንጋይ ይሄዳል፤ ያገሩ ሰው ግን ጨዋ ነው፣ እያየኝ እንዳላየ ሆኖ እንዴት ዋሉ ብሎኝ ያልፋል። የትርንጎ አባት አያ ካሳው በር ላይ ተቀበሉን። ሰላምታውን እንኳ ሳንጨርስ እግሬን አዩና አስቀመጡኝ፤ ጫማዬን ወስደው በጠፍር ጥፍር አድርገው ሰፉት። መርካቶ የገዛሁት ጫማ እንዲያ ጠንክሮ አያውቅም።

የነቢያት ጾም ነው። የገብስ እንጀራ በስልጆ፣ አሹቅና ጠላ ቀረበ። ከቤት እንደለመድኩት ትንሽ ቀምሼ ልተው ብል አያ ካሳው እያጎረሱ ጨረሱኝ። ከዚያ ከጓሮ በላይ ወዳለው ማሳ ወስደው የገብስ ክምራቸውን አሳዩኝ። ገና አልተወቃም። ትርንጎ በሰው መሃል ብዙ አያወሩም ያለችኝ አባቷ በክምሩ ዙሪያ እየዞሩ በመዳፋቸው ሲመቱት ብዙ አወሩ። ሁለት ዓመት አልሆነላቸውም ነበር፤ የዘንድሮው ቀለብም ዘርም ነው።

አርብ

አሹቁ አልተስማማኝም። ሌሊቱን ስመላለስ አድሬ ጠዋት ቤተ ክርስቲያን መውጣት አቃተኝ። መንደሩ ሁሉ ነጭ ለብሶ ሽቅብ ወደ ገብርኤል ሄደ፤ እኔ ጋቢዬን ይዤ ፀሐይ ፍለጋ ወደ ወንዙ ወረድኩ።

እዚያ አንድ ሰው ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። አለባቸው እባላለሁ አለኝ። ለምን በዓል እንዳልሄደ ስጠይቀው ሰው ስለሚሸሸው መሄድ እንደተወ ነገረኝ። በሬ ሰርቀሃል ተብሎ ጎንደር ወህኒ ቤት ዓመታት ቆይቶ የወጣ ነው። እኔ ደግሞ እንዲህ ያለ ሰው ሲገኝ ልማዴ አይለቀኝም፤ ማን ያዘህ፣ መቼ ፍርድ ቤት ቀረብክ፣ ቃልህን እንዴት ሰጠህ እያልኩ አደረቅኩት። ሳምንት ሙሉ ጣቢያ ታስሮ፣ ፈርቶ ቃል መስጠቱን፣ ዝም የማለት መብት እንዳለው የነገረው አንድም ሰው እንዳልነበረ አወጋኝ። ደሜ ፈላ። ሕይወቴን ሙሉ በመጽሐፍ ስጽፍ የኖርኩት በደል አጠገቤ ተቀምጦ ጠጠር ወደ ውሃ ይወረውራል።

የመሰከሩበት አያ ካሳው መሆናቸውንም ነገረኝ።

«ክፉ ሰው አይደሉም» አለኝ። «እንዳዩኝ እርግጠኛ ነበሩ። አላዩኝም እንጂ።»

ከዚህ በኋላ ያለውን በጥንቃቄ ልጽፈው ይገባል። ፀሐዩ ሞቀኝ፣ ሌሊቱን አላንቀላፋሁም፤ ጋቢዬን ተከናንቤ ጋደም አልኩ። ተኛሁ። ለምን ያህል እንደተኛሁ አላውቅም። የቀሰቀሰኝ ከላይ የመጣ የኡኡታ ድምፅ ነው። ቀና ስል ከአያ ካሳው ማሳ ጥቁር ጭስ ወደ ላይ ይወጣል። አለባቸው ከአጠገቤ ቆሞ ጭሱን ያያል። ቁና ቁና ይተነፍስ ነበር።

«አለቀልኝ» አለ። «እኔ ነኝ ነው የሚሉት።»

ሰው ሲሮጥ እንዲያ ይተነፍሳል፤ ሰው ሲደነግጥም እንዲያው ነው። በዚያች ሰዓት ይህን አላሰብኩም። እሱ ወደ ቤቱ፣ እኔ ወደ እሳቱ ሮጥን። ሰው በቅጠልም በአፈርም ታገለ፤ ወንዙ ሩቅ ነው። ክምሩ ነደደ። አያ ካሳው ከነበዓል ልብሳቸው አመዱ አጠገብ ቁጢጥ ብለው ቀሩ፤ ትርንጎ ነጠላዋን አውልቃ ትከሻቸው ላይ ጣለችላቸው። የት እንደነበርኩ ጠየቀችኝ። ወንዝ ዳር እንቅልፍ ወስዶኝ ነበር አልኳት።

ያን ቀን ራት ያነሣ የለም።

ቅዳሜ

ጠዋት አውጫጭኝ ተጠራ። የዳባት ገበያ ቀረ፣ ከብት ሳይወጣ ቀረ። እኔ ወደ ጎንደር ልወጣ ዕቃዬን ሸክፌ ነበር። ጠመንጃ ያነገቡ ሁለት ሰዎች በር ላይ መጥተው በትሕትና፣ ጌታውም በዕለቱ እዚሁ ስለነበሩ ይቀመጣሉ አሉኝ። በሌላ ጊዜ ቢሆን ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ሰው ስለመያዝ አንድ ሰዓት አስተምራቸው ነበር። ጫማዬን አሰርኩና ተከተልኳቸው።

ሜዳው ላይ ወንዱም ሴቱም ተቀምጧል። የሚመሩት አባ ይግዛው የሚባሉ፣ ዓይናቸው የደከመ፣ ድምፃቸው ቀስ ያለ ሽማግሌ ናቸው፤ ከጎናቸው መስቀል የያዙ ቄስ አሉ። አለባቸው ከሚስቱ ጋር ከሰው ነጠል ብሎ ተቀምጧል፤ በሁለቱና በሌላው ሰው መካከል ሳር ብቻ ነው ያለው። ሰው እየተነሣ መስቀል ይስማል፣ ጎንበስ ብሎ ያንሾካሽካል፣ ይመለሳል። ሲመለስ ወደ አለባቸው የማያይ አልነበረም። ምን እንደተባለ ለማወቅ ጆሮ አያስፈልግም። ሚስቱ ነጠላዋን ጥርሷ ውስጥ ይዛ ነበር።

ትርንጎን ጠጋ ብዬ ዳኛ ነሽ፣ አንድ ነገር በይ እንጂ አልኳት። የተበዳይ ልጅ ነኝ፣ አፍ የለኝም አለችኝ። ያስተማርኳትን ነው የመለሰችልኝ።

ፀሐይ አናት ላይ ሲደርስ ተራው የእኔ ሆነ። መስቀሉን ሳምኩ። አባ ይግዛው ጆሯቸውን አቀረቡልኝ።

«አላንሾካሹክም» አልኩ። «የምለውን ሰው ሁሉ ይስማኝ፤ የፈለገም ይጠይቀኝ።»

ሜዳው ተንጫጫ። ሽማግሎቹ ተመካከሩ። አባ ይግዛው እጃቸውን አንሥተው ሰዉን ዝም አሰኙት፤ እንግዳ ስለሆንኩ እንደ አገሬ ልናገር ተባለ። አለባቸው ጭሱ ሲወጣ ከእኔ ጋር ወንዝ ዳር እንደነበረ ተናገርኩ። እስከዚህ ድረስ አንድ ቃል ውሸት የለበትም።

አባ ይግዛው ቀስ ብለው፣ «ጌታው፣ ጭሱ ሲወጣ ነው ያዩት፣ ወይስ ከጭሱም በፊት?» አሉኝ።

«ከጭሱም በፊት አብረን ነበርን።»

«ከተገናኛችሁ ጀምሮ ጭሱ እስኪወጣ ከዓይንዎ ተሰውሮ ነበር?»

ስንት ዓመት ተማሪዎቼን በዚህ ጥያቄ አለማምጃለሁ። ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ለመሸሸጊያ ቀዳዳ አይተውም። ልክ የሆነው መልስም ቀላል ነበር፦ ተኝቼ ነበር፣ አላውቅም። ያን ካልኩ ግን ወፎቹ ሁሉ እዚያ እንቅልፌ ውስጥ እንደሚሰፍሩ አውቃለሁ። ሰውየው አላቃጠለም። ይህን አምኛለሁ፤ ያኔ እንደማምነው ሌላ ነገር ያመንኩ አይመስለኝም። አንዴ በፍርሃት ቃል ተፈርዶበታል፤ ዳግም በሹክሹክታ ሲፈረድበት ቁጭ ብዬ ላይ ነው ወይ? ደግሞም ይህ ፍርድ ቤት አይደለም አልኩ ለራሴ። እንዲህ ያለ ሰበብ ለማግኘት የሕግ ሰውን የሚያህል የለም።

«አልተሰወረም» አልኩ።

ትርንጎ ከሴቶቹ መሃል ቀና ብላ አየችኝ። ጠበቅኳት። አንድ ቃል ብትናገር አለቀልኝ፣ አለባቸውም አለቀለት። አጎነበሰችና ሳር መንጨት ጀመረች።

አያ ካሳው ተነሡ። ሰዉ ሁሉ የሚሉትን ለመስማት አንገቱን አሰገገ። እሳቸው ግን ወደ እኔ ብዙ ካዩ በኋላ፣ የተማረ ሰው መስቀል ስሞ ከተናገረ እኔ ተቀብያለሁ አሉና ተቀመጡ። በዚህ አበቃ። ሽማግሎቹ ያቃጠለውን ለእግዚአብሔር ሰጥተናል አሉ፤ ለአያ ካሳውም መንደሩ በየቤቱ አቅም ገብስ እንዲያዋጣ ተወሰነ። አለባቸውም ያዋጣ ተባለ። ማዋጣት ማለት ከሰው መቆጠር ነው፤ ሚስቱ ያለቀሰችው ያኔ ነው።

ማታ አያ ካሳው አጠገባቸው አስቀምጠውኝ ሲያጎርሱኝ እጃቸው ላይ የእሳት ቃጠሎ አየሁ። ሁለተኛውን ጉርሻ በቃኝ ብዬ መለስኩት፤ አሹቁ ገና አለቀቀዎትም መሰለኝ ብለው ተጨነቁልኝ።

እሁድ

ስንነሣ አያ ካሳው በሶ ቋጥረው ሰጡኝ። ካለፈው ዓመት ከተረፈችው ገብስ ነው። አልቀበልም ብል አዘኑ፤ ተቀበልኩ።

አለባቸው ሻንጣዬን እስከ አስፋልቱ ልሸከም ብሎ መጣ። ትርንጎ ከፊት ከፊት ሄደች። ከትናንት ጀምሮ ከደህና አደሩ በቀር ያለችኝ ነገር የለም። መንገዱ ዳር ደርሳ መኪና ስትጠብቅ እኔና አለባቸው ዳገቱ አፋፍ ላይ ትንፋሽ ለመሰብሰብ ቆምን። ከዚያ ላይ ሆኖ የጠቆረው ማሳ ይታያል።

«ጌታው፣ ተኝተው ነበር እኮ» አለኝ።

ቁጢጥ ብዬ የጫማዬን ክር ማጥበቅ ጀመርኩ።

«ጋቢው ከፊትዎ ሲወርድ መልሼ ያለበስኩዎት እኔ ነኝ። ታዲያ አልተሰወረም ያሉት ለምንድን ነው?»

«ስላላቃጠልክ ነው» አልኩት።

ማሳውን አየ። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። ፊቱ ላይ ምስጋናም ቁጣም አልነበረም።

«ማን ነገረዎት?» አለኝ።

ሻንጣዬን መሬት አስቀመጠ፣ ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣኝና ቁልቁለቱን ተመለሰ። ከኋላው ልጠራው አፌን ከፈትኩ። አንተ ነህ ወይ ያቃጠልከው፤ የቀረኝ ጥያቄ ይህ ብቻ ነው። ዕድሜዬን በሙሉ ሰው እንዴት እንደሚጠየቅ ሳስተምር የኖርኩ ሰው መልሱን ፈራሁና ሳልጠይቀው ቀረሁ። ትርንጎ መኪና መጣ አለችኝ፤ ሄጄ ተሳፈርኩ።